የመጀመሪያው ቅጂ የሚታይበት አዳራሽ ይኑረን

ለሐዋሳ የአዳራሽና የሆቴል ባለቤቶች፣ ለወጣት ፊልም ሠሪዎችና ለተመልካቹ የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

የተከበራችሁ የከተማችን ሰዎች፣ ሰላምታዬ ይድረሳችሁ።

ይህን ደብዳቤ የምጽፈው አንድ ነገር ለመጠየቅ ነው። ሐዋሳ ውስጥ በሳምንት አንድ ምሽት፣ ሥራ በማይበዛበት ቀን፣ ወጣቶቻችን ያላለቀ ፊልማቸውን ለሕዝብ የሚያሳዩበት አዳራሽ ይሰጣቸው። ያላለቀ ያልኩት ሆን ብዬ ነው። ያለቀለት ፊልም ምረቃ ይደገስለታል፤ ፖስተሩ ፒያሳ ይሰቀልለታል፤ እንደ ምንም ብሎ ቦታ ያገኛል። ቦታ ያጣው ሌላው ነው፤ ሠሪው ራሱ የቱ ጋ እንደሳተ ገና ያላወቀው፣ በእንግዳ ዓይን ካልታየ በቀር የማይቃናው ሥራ።

እኔ ወጣቶችን ትወና የማለማምድ ሰው ነኝ። በክበባችን ስማቸው ደጋግሞ ከሚነሳ ሰዎች አንዱ አሜሪካዊው ተዋናይና ፊልም ሠሪ ጆን ካሳቬተስ ነው። ወጣቶቹ ይወዱታል፤ ያለ ትልቅ ድርጅት፣ ያለ በቂ ገንዘብ ፊልም መሥራት እንደሚቻል ያሳየ ሰው ነው ይላሉ። እውነታቸውን ነው። ነገር ግን ከታሪኩ ብዙ ጊዜ የሚወራው የሚያስጎመጀው ክፍል ብቻ ነው። ለጥያቄዬ መሠረት የሆነኝ ሌላው ክፍል ስለሆነ እሱን ላጫውታችሁ።

ካሳቬተስ የተወለደው በ1929 ኒው ዮርክ ከተማ፣ የግሪክ ዘር ካለው ቤተሰብ ነው። (በዚህ ደብዳቤ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ትወና ተምሮ በ1950ዎቹ በቴሌቪዥን ድራማዎችና በፊልሞች እየተወነ ታወቀ። በዚያው ዘመን ከአንድ ወዳጁ ጋር ማንሃተን ውስጥ የትወና መለማመጃ ከፈተ። ከልምምዶቹ መካከል አንዱ ትዕይንት ከአእምሮው አልወጣ አለ። ቆዳዋ ነጣ ያለ ጥቁር አሜሪካዊት ወጣት ከአንድ ነጭ ጋር ትዋደዳለች፤ ሰውየው ዘሯን አያውቅም፤ ቤቷ ሄዶ ጥቁረቱ የማያጠራጥረውን ታላቅ ወንድሟን ሲያይ ፊቱ ይለዋወጣል። ካሳቬተስ ይህ ፊልም መሆን አለበት ብሎ ተነሳ። በአንድ የሌሊት የሬዲዮ ፕሮግራም ላይ ቀርቦ፣ ስለ ሰው የሚናገር ፊልም ማየት የምትሹ አግዙኝ አለ፤ አድማጮችም በትንሽ በትንሹ ወደ 2,000 ዶላር ገደማ ላኩለት። በ16 ሚሊ ሜትር ካሜራ፣ በኒው ዮርክ ጎዳናዎች ላይ ያለ ፈቃድ፣ ከልምምድ ጓደኞቹ ጋር «ሻዶውስ» የተባለውን የመጀመሪያ ፊልሙን ቀረጸ።

ወጣቶቻችን ታሪኩን እዚህ ላይ ያቆሙታል። ለእኔ ግን ታሪኩ የሚጀምረው ከዚህ በኋላ ነው።

በ1958 መጨረሻ ፊልሙ ኒው ዮርክ በሚገኝ ሲኒማ ቤት በእኩለ ሌሊት፣ ያለ ክፍያ ታየ። መደበኛው ትርኢት አብቅቶ ቤቱ ባዶ በሚሆንበት ሰዓት ማለት ነው። ካሳቬተስ ከተመልካቹ ጋር ሆኖ ሥራውን ሲያየው ደነገጠ። በካሜራው ማዕዘን፣ በምስሉ ውበት ተማርኮ ሰዎቹን ረስቷቸው ነበር። አንድ ታዋቂ ሐያሲ ግን ፊልሙን አወድሶ ጻፈ፤ የሚያዘጋጀው መጽሔትም ሽልማት ሰጠው። ብዙዎቻችን ብንሆን ሽልማቱን ይዘን፣ ምስጋናውን ተቀብለን እንቀመጥ ነበር። ካሳቬተስ ገንዘብ ፈልጎ፣ ተዋንያኑን መልሶ ሰብስቦ፣ የፊልሙን ትልቅ ክፍል በ1959 እንደገና ቀረጸው። ያው ሐያሲ የመጀመሪያው ይሻል ነበር ብሎ ተቃወመው። ሁለተኛው ቅጂ ግን በ1960 ቬኒስ ላይ የሐያስያንን ሽልማት አገኘ፤ ዛሬ በዓለም የሚታወቀውም እሱ ነው።

በዚህ ፊልም መጨረሻ ላይ፣ ያያችሁት ሁሉ ተዋንያኑ በቦታው እየፈጠሩ የሠሩት ነው የሚል ጽሑፍ ይመጣል። ይህ አንድ ዓረፍተ ነገር ብዙ ወጣቶችን አሳስቷል። ጽሑፍ አያስፈልግም፣ ካሜራ ከፍቶ ተዋንያንን ማናገር ይበቃል ብለው እንዲያምኑ አድርጓል። ኋላ ታሪኩን ያጠኑ ሰዎች እንዳሳዩት ግን ሁለተኛው ቅጂ ላይ የተጨመሩት ትዕይንቶች ብዙዎቹ ተጽፈው የተሠሩ ናቸው። ከዚያ በኋላ የመጡት ፊልሞቹም በአመዛኙ በጽሑፍ የተዘጋጁ ነበሩ። ነጻ የተተወው ስሜቱ ነበር፤ ተዋናዩ ያንን ቃል እየሳቀ ይበለው ወይስ እያለቀሰ፣ ቆሞ ይበለው ወይስ ወደ ማድ ቤት እየሄደ፣ ካሳቬተስ አያዝዘውም ነበር። ስለዚህ ልጆች ሆይ፣ ጻፉ። ደጋግማችሁ ጻፉ።

አሁን ወደ እናንተ ልመለስ፣ የአዳራሽ ባለቤቶች። ያን ሁለተኛ ቅጂ ያስገኘው ምንድን ነው? የሠሪው ትጋት አለ፤ የተዋንያኑ ታማኝነት አለ። ነገር ግን የዚያ ሲኒማ ቤት በር በእኩለ ሌሊት ባይከፈት ኖሮ ካሳቬተስ ስህተቱን ማየት አይችልም ነበር። ፊልም ሠሪ ሥራውን በኮምፒውተሩ ላይ ሺህ ጊዜ ቢያየው ሁልጊዜም የሚያየው ሊሠራው ያሰበውን ነው። የማያውቁት ሰዎች መሀል ሲቀመጥ ብቻ ነው የሠራውን የሚያየው። ወንበር ሲንኳኳ ይሰማል። ሰዎች ይስቃሉ ያለበት ቦታ ላይ ዝምታ ይሆናል። ከጎኑ የተቀመጠችው ሴት ስልኳን ታወጣለች። ከዚህ የሚበልጥ አስተማሪ እኔ አላውቅም፤ በክበባችን የምንሰጠው ሥልጠና ሁሉ ተደምሮ ይህን አይተካም።

ከ«ሻዶውስ» በኋላ ትልልቆቹ ስቱዲዮዎች ካሳቬተስን ጠርተውት ነበር። ሁለት ፊልም ሠራላቸው፤ በ1963 የወጣው ሁለተኛው በቅንብር ላይ ከእጁ ተወሰደበት፤ ተጣላ፤ ወጣ። ስለዚህ ዘመኑ ብዙ የምለው የለኝም።

ቤቱ ገብቶ የሠራው ግን መነገር አለበት። «ፌስስ» የተባለውን ፊልም በ1965 ስድስት ወር ያህል በራሱ ቤትና በአማቱ ቤት ውስጥ፣ በጥቁርና ነጭ ቀረጸ። ማቀናበሩ ብቻ ዓመታት ፈጅቶ ፊልሙ በ1968 ለሕዝብ ቀረበ። ገንዘቡ ከየት መጣ? ከትወናው ነው። በሰው ፊልም ውስጥ እየተወነ የሚያገኘውን ክፍያ ለራሱ ፊልም ያውለው ነበር። በ1967 በወጣው «ዘ ደርቲ ደዝን» ለኦስካር በረዳት ተዋናይነት ታጨ፤ በ1968 «ሮዝሜሪስ ቤቢ» ላይ የባልየውን ገጸ ባህሪ ተጫወተ፤ ከዚህ የተገኘው ገንዘብ ቤቱ ውስጥ ወዳለው የማቀናበሪያ ክፍል ይገባ ነበር። «ፌስስ» ውስጥ ሚስቲቱን ሆና የተወነችው ሊን ካርሊን ከዚያ በፊት በጸሐፊነት የምትሠራ፣ ፊልም ላይ ቀርባ የማታውቅ ሴት ነበረች፤ በዚህ ሥራዋ ለኦስካር ታጨች።

የእኛ ልጆች ሆሊውድ የላቸውም። ነገር ግን ሠርግ አላቸው። ቅዳሜና እሑድ ሐይቁ ዳር የወጣ ሰው ሙሽሮችንና ሚዜዎችን፣ ከፊታቸውም ወደ ኋላ እየተራመደ የሚቀርጸውን ወጣት አይቶ ያውቃል። ያ ወጣት አብዛኛውን ጊዜ ፊልም ሠሪ ነው፤ ወይም መሆን የሚመኝ ነው። ካሜራው የሠርግ ካሜራ ነው፤ መብራቱ የሠርግ መብራት ነው፤ በጥርና በሚያዝያ ያጠራቀማትን ይዞ በጾሙ ወራት የራሱን ታሪክ ይቀርጻል። ይህን ሥራ ማንም እንዲንቅባቸው አልፈቅድም። ሰው በሚያውቀው ሙያ እንጀራውን እየበላ በተረፈው የሚወደውን መሥራቱ ካሳቬተስም ዕድሜውን ሙሉ የኖረበት መንገድ ነው። ልዩነቱ የክፍያው መጠን ነው፤ የሠርግ ቀረጻ ገቢ የአዳራሽ ኪራይ አይችልም። የከተማው እርዳታ የሚያስፈልገው እዚህ ጋ ነው።

ብዙዎች ከሥራዎቹ ሁሉ የላቀ የሚሉት በ1974 የወጣውን «ኤ ውማን አንደር ዚ ኢንፍሉዌንስ»ን ነው፤ እኔም ከእነሱ ጋር ነኝ። ታሪኩን መጀመሪያ ያሰበው ለባለቤቱ ለጂና ሮውላንድስ በመድረክ ተውኔትነት ነበር። እሷ ግን ገጸ ባህሪዋ በየምሽቱ መድረክ ላይ ልትሸከማት የማትቻል ናት ስላለች ወደ ፊልም ዞረ። ገንዘብ የሚያወጣ ስቱዲዮ አልተገኘም። ካሳቬተስ ቤቱን አስያዘ፤ ባልየውን የሚጫወተው ፒተር ፎክ ከኪሱ 500,000 ዶላር አዋጣ። የቀረጻው ሠራተኞች ብዙዎቹ የፊልም ተማሪዎች ነበሩ። የካሳቬተስ እናትና የሮውላንድስ እናት ሁለቱም ተውነዋል። ፊልሙ ሲያልቅ አከፋፋይ ጠፋ፤ ካሳቬተስና ባልደረቦቹ ሲኒማ ቤቶችን ራሳቸው እየደወሉ ለመኑ። በሮች የተከፈቱት እንዲያ ነው። ከዚያም እሱ በዳይሬክተርነት፣ እሷ በተዋናይነት ለኦስካር ታጩ።

በዚህ ፊልም ውስጥ አንድ የገበታ ትዕይንት አለ። ባልየው ሌሊቱን ሙሉ ሲሠራ አድሮ የሥራ ጓደኞቹን ይዞ ቤት ይመጣል። ሚስቱ ሜብል ደስ ብሏት ፓስታ ትሠራላቸዋለች፤ ሁሉም ገበታ ይቀርባል፤ ይበላሉ፤ ይዘፍናሉ። እሷ እንግዳ ማስደሰት ትፈልጋለች፤ መጠኑን ግን አታውቀውም፤ አንዱን ሰውዬ ተነስ እንጨፍር እያለች ታስቸግረዋለች። ባል በሰው ፊት ይጮህባታል። ገበታው ላይ ዝምታ ይወድቃል፤ እንግዶቹ አንድ በአንድ ምክንያት እየፈለጉ ይነሳሉ። ሌላ የሆነ ነገር የለም። ማንም አልተገደለም፤ ምስጢር አልወጣም። ይሁን እንጂ የአንድን ትዳር ፍቅርና ስብራት ሙሉውን አይተናል። ሐዋሳ ውስጥ ይህን ገበታ የማያውቅ ቤት ያለ አይመስለኝም። እንግዳ ሲመጣ ከልክ በላይ የምትንገበገብ እናት፣ በሰው ፊት የሚያፍርባት ባል፣ ጉርሻው እጃቸው ላይ የቀረ እንግዶች። ይህን ለመቅረጽ አንድ ቤት፣ አንድ ገበታና ዓይን ያላቸው ተዋንያን ይበቃሉ።

የአሠራሩም ምስጢር ከዚህ የራቀ አይደለም። በተለመደው ቀረጻ ተዋናዩ የሚቆምበት ቦታ ወለሉ ላይ ምልክት ይደረግለታል፤ መብራቱም የካሜራው ትኩረትም ለዚያች ነጥብ ይስተካከላል፤ ተዋናዩ አንድ እርምጃ ቢያልፍ ተቆርጦ ይደገማል። ካሳቬተስ ይህን ገለበጠው። መብራቱን ሰፋ አድርጎ ክፍሉን ለተዋናዩ ይለቅለታል፤ ካሜራው የት እንደሚሄድ ሳያውቅ ይከተለዋል። ስለዚህ ምስሉ አንዳንዴ ይደበዝዛል፤ የሰው ትከሻ ይጋርደዋል፤ ፊት ከልክ በላይ ይቀርባል። እነዚህን አላወጣቸውም፤ በፊልሙ ውስጥ ትቷቸዋል። ትዕይንቶቹም ሌላ ሰው ከሚቆርጥበት ቦታ አልፈው ይሄዳሉ። ሰዎቹ ሲቀልዱ ቀልዱ እስኪያልቅ፣ ሳቁ ወደ ሌላ ነገር እስኪለወጥ ድረስ እናያቸዋለን። መጥፎ ሰው ብሎ ጣቱን የሚቀስርበት ገጸ ባህሪ ማግኘት ይቸግራል። ለምን እንዲህ ሆነች፣ ለምን እንዲህ አደረገ ብሎ የሚያስረዳም የለም። ተመልካች ግር ይለዋል፤ ይናደዳልም። ለዚህ ነው ፊልሞቹን ሁሉም ሰው ያልወደደለት።

መውደቁንም መናገር ተገቢ ነው። በ1976 ያወጣው «ዘ ኪሊንግ ኦቭ ኤ ቻይኒዝ ቡኪ» ተመልካች አጥቶ ከሲኒማ ቤቶች ቶሎ ወረደ። 135 ደቂቃ የነበረውን ፊልም እንደገና አቀናብሮ በ1978 በ108 ደቂቃ አወጣው። ዕድሜውን በሙሉ የሠራ፣ ሽልማት የተቆለለበት ሰው ከ«ሻዶውስ» ሃያ ዓመት በኋላ አሁንም ሁለተኛ ቅጂ እየሠራ ነበር። በ1989 በ59 ዓመቱ አረፈ።

የሩቅ አገር ሰው ታሪክ ለእኛ ምን ያደርግልናል የሚል ቢኖር ከራሳችን ልጅ ልጥቀስ። ጎንደር የተወለደው ኃይሌ ገሪማም መጀመሪያ አሜሪካ የሄደው ትወና ሊማር ነው። በ1976 የወጣውን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» በ16 ሚሊ ሜትር፣ በጥቁርና ነጭ፣ አገሩ መጥቶ ከገበሬው ጋር ሠራ። በ1993 «ሳንኮፋ»ን ሲጨርስ የአሜሪካ አከፋፋዮች ፊት ነሱት። እሱና ባልደረቦቹ ዋሽንግተን ውስጥ ሲኒማ ቤት ራሳቸው ተከራዩ፤ የጥቁሩ ማኅበረሰብ ወሬውን በአፍ እየተቀባበለ አዳራሹን ሞላው፤ ፊልሙ ከከተማ ወደ ከተማ እንዲህ ዞረ። በሁለቱም ሰዎች ታሪክ ውስጥ ወሳኟ ቀን ካሜራ የተገዛባት ቀን አይደለችም፤ የአዳራሽ በር የተከፈተባት ቀን ናት።

ሐዋሳ አዳራሽ አላት። ከሐዋሳ የበለጠ ስብሰባና ሥልጠና የሚያስተናግዱ ከተሞች ብዙ አይደሉም። በየሆቴሉ ፕሮጀክተር ተሰቅሏል፤ የድምፅ ማጉያ አለ፤ ወንበር አለ፤ መብራት ሲጠፋ የሚነሳ ጀነሬተር አለ። ሥልጠናው አመሻሽ ላይ ያበቃል፤ ሠርጉ ቅዳሜና እሑድ ነው። ማክሰኞና ረቡዕ ምሽት ብዙው አዳራሽ ተቆልፎ ያድራል። በዐቢይ ጾም ደግሞ ሠርግ ሲቀንስ ቅዳሜም ባዶ የሚሆንበት ጊዜ አለ። የምንጠይቃችሁ ይህንን የተቆለፈ ሰዓት ነው።

ስጋታችሁን እረዳለሁ። ምን እንደሚታይ ሳናውቅ በራችንን እንዴት እንከፍታለን ትላላችሁ። ፊልሙን አስቀድማችሁ እዩት፤ አይሆንም ካላችሁ ለሌላ ሳምንት ሌላ ሥራ ይቀርባል። ወንበር ይሰበራል ትላላችሁ። ከዝግጅቱ በኋላ አዳራሹን ጠርገን፣ ወንበሩን ቆጥረን የምናስረክበው እኛ ነን። የጀነሬተሩን ነዳጅም እንችላለን። መግቢያ አይከፈልም፤ ያላለቀ ሥራ ለማየት ሰው ገንዘብ ሊጠየቅ አይገባም። ተመልካቹ ሻይ ቡና ከእናንተ ይገዛል፤ ያ የእናንተ ነው።

ወጣት ፊልም ሠሪዎች፣ ከእናንተ ጋር ደግሞ በግልጽ እንነጋገር። እስከ አሁን ካነበብኳቸው ጽሑፎቻችሁ ብዙዎቹ አዲስ አበባ ውስጥ፣ ቪላ ቤት ውስጥ፣ ከሀብታም ልጅ ጋር ይጀምራሉ። ሐዋሳን የምናያት ጀምበር ስትጠልቅ ሐይቁ ሲያብረቀርቅ ብቻ ነው። ከኢንዱስትሪ ፓርኩ ሥራ ወጥተው በአንዲት የኪራይ ክፍል ሆነው የሚያድሩት ሴት ልጆች የት አሉ? አንዷ ወር ሳይደርስ ገንዘቧ ሲያልቅ ከጓደኞቿ ጋር ምን ትባባላለች? አሞራ ገደል ዓሣ የሚበልተው ልጅ ማታ እናቱ ቤት ሲገባ በምን ቋንቋ ይነጋገራል? በሲዳምኛ ጀምሮ በአማርኛ የሚጨርስ ከሆነ እንዲያ ይናገር፤ ወላይትኛም ከሆነ ይሁን። ካሳቬተስ ሰዎቹን በሚናገሩት አነጋገር ነው የተዋቸው። አያት፣ እናት፣ ጎረቤት ይተውኑላችሁ። ለእናንተም የሚነገራችሁን ስሙ፤ በማሳያው ምሽት ፊልማችሁን ለመከላከል አትነሱ፤ ማስታወሻ ያዙ።

ወላጆችም አንድ ነገር ልለምናችሁ። ልጆቻችሁ ሳሎናችሁን ለሁለትና ለሦስት ቀን ቀረጻ ሲጠይቋችሁ እሺ በሏቸው። ሶፋው ቦታውን ይለቃል፤ የቤቱ ሰው እራቱን በጊዜው አይበላም፤ አውቃለሁ። ግን ልጆቹ እዚያው በዓይናችሁ ሥር ናቸው፤ የሚሠሩትንም ታያላችሁ።

ተመልካቾች ሆይ፣ የእናንተ ድርሻ ከሁላችንም ይከብዳል። እስከ መጨረሻው ተቀመጡ። ሲሰለቻችሁ የቱ ጋ እንደሰለቻችሁ አስታውሱና ንገሯቸው፤ ጥሩ ነው፣ በርቱ ብላችሁ ብቻ አትሸኟቸው። ድምፁ አይሰማም፣ ልጅቷ ለምን እንዳለቀሰች አልገባኝም፣ ሽማግሌው ሲመጣ ግን ልቤ ተነካ በሏቸው። ከሁሉም በላይ አደራ የምላችሁ፣ የሚታየውን በስልካችሁ ቀርጻችሁ ቴሌግራምና ቲክቶክ ላይ እንዳትለቁት። ሊታረም የመጣ ሥራ በዚያ መንገድ ከወጣ ተመልሶ አይታረምም፤ የሠራውም ልጅ ዳግመኛ ሰው ፊት መቅረብ ይፈራል።

ለማሳየት የተዘጋጁ አጫጭር ሥራዎች አሁንም በልጆቹ እጅ አሉ። ከመስቀል በኋላ፣ ዩኒቨርሲቲው ተማሪዎቹን ሲቀበል ብንጀምር ደስ ይለናል። 100 ሰው የሚይዝ አዳራሽ ይበቃናል፤ ከዚያ ያነሰም ቢሆን አንመልሰውም። ማክሰኞ ወይም ረቡዕ ከምሽቱ 12 ሰዓት ተኩል ጀምረን 3 ሰዓት ሳይሞላ ቁልፉን እናስረክባለን። ፈቃደኛ የሆናችሁ ባለቤቶች የትኛው ምሽት እንደሚመቻችሁ ብቻ አሳውቁን።

ከከበረ ሰላምታ ጋር፣
ከአንድ የሐዋሳ የትወና አለማማጅ